ድምፃቸው ቀድሞ መልካቸው የተከተለ ተዋናዪት

የወይዘሮ ቫዮሌት ካርሰን የሕይወት ታሪክ

ዝና ለሰው ሁሉ በአንድ ሰዓት አይደርስም። አንዱን በጕብዝናው ማለዳ አግኝቶት ሳይመሽ ጥሎት ይሄዳል፤ ሌላውን ደግሞ ፀሐይ ካዘቀዘቀች በኋላ ደርሶበት እስከ መቃብሩ ይሸኘዋል። ዛሬ ታሪካቸውን ለአንባብያን የምናቀርበው እንግሊዛዊት ወይዘሮ ከሁለተኛው ወገን ናቸው። ከ15 ዓመታቸው ጀምሮ በሙዚቃና በቴያትር ሥራ ኖረው፥ አገር በሙሉ መልካቸውን ለይቶ ያወቀው በ62 ዓመታቸው ነበር፤ ይኸውም እኩዮቻቸው ጡረታ ወጥተው የልጅ ልጅ በሚያቅፉበት ዕድሜ ማለት ነው። ያ ዝና ግን ያለ ዋጋ አልመጣም። የራሳቸውን ስም ገፎ የሌላ ሴት ስም አለበሳቸው።

እኚህ ሴት ቫዮሌት ካርሰን ይባላሉ። የእንግሊዝ ሕዝብ ግን ይበልጥ የሚያውቃቸው ኤና ሻርፕልስ በሚለው ስም ነው። ኤና ሻርፕልስ በሥጋ የኖረች ሴት አይደለችም፤ ኮሮኔሽን ስትሪት በተባለው ተከታታይ የቴሌቪዢን ቴያትር ውስጥ የምትታይ ገጸ ባሕርይ ናት። ቋንቋችን አክብሮትን በግሥ የሚለይ ስለሆነ በዚህ ጽሑፍ ተዋናዪቱን እሳቸው፥ ገጸ ባሕርይዋን ግን እሷ እያልን ለመለየት አንቸገርም። የእንግሊዝ ተመልካች ይህን የመሰለ መለያ አልነበረውም፤ ሁለቱን ሴቶች አንድ አደረጋቸው። የታሪኩም ዋና ነገር ያለው ከዚህ ላይ ነው። በጽሑፉ ውስጥ የሚገኙት ዘመናት ሁሉ በአውሮፓ አቈጣጠር የተሰጡ መሆናቸውን አንባቢ ልብ ይሏል።

በጥጥ ፋብሪካዎች ከተማ

ቫዮሌት ካርሰን ሴፕቴምበር 1 ቀን 1898 ዓ.ም. በማንቸስተር ከተማ አንኮትስ በተባለው ሰፈር ተወለዱ። ማንቸስተር በዚያ ዘመን በጥጥ ፈትልና በጨርቅ ሥራ በዓለም የታወቀች ከተማ ስትሆን፥ አንኮትስም ሠራተኞች በፋብሪካዎቹ የጭስ ማውጫ ሥር ተጨናንቀው የሚኖሩበት ክፍል ነበር። ቤቶቹ ግድግዳ ለግድግዳ የተያያዙ፥ በሮቻቸውም በድንጋይ ወደ ተነጠፈው መንገድ በቀጥታ የሚከፈቱ ስለ ነበሩ፥ የአንዱ ጎረቤት ምስጢር ለሌላው ምስጢር ሆኖ አይቈይም። ባልቴቶቹ የደጃፋቸውን ድንጋይ እያጠቡ ማን እንደ ወጣ፥ ማን እንደ ገባ፥ ማን ሰክሮ እንደ መጣ ይመለከታሉ፤ የሚነቀፈውንም ይነቅፋሉ። የሰፈሩ ሕግ የሚጠበቀው በፖሊስ ብቻ ሳይሆን በእነዚህ ባልቴቶች ዓይንና ምላስ ጭምር ነበር። ይህን የሰፈር ኑሮ ከልጅነት ጀምሮ ያየ ሰው በኋላ ዘመን ቢጠየቅ ከመጽሐፍ መማር አያስፈልገውም።

አባታቸው ከስኮትላንድ የመጡ፥ በዱቄት ወፍጮ ሥራ የሚተዳደሩ ሰው ነበሩ። እናታቸው ዘፈን የሚወዱና በትርፍ ጊዜያቸው የሚዘፍኑ ስለ ነበሩ በቤቱ ውስጥ ሙዚቃ አይጠፋም። ሕፃኒቱ ቫዮሌት ፒያኖ ተማሩ፤ ከእኅታቸው ከኔሊ ጋርም የካርሰን እኅትማማቾች እየተባሉ በየማኅበሩና በየድግሱ ይዘፍኑ ነበር። ይህች ኔሊ የተባለችው እኅት እስከ ሽምግልና ድረስ ከእሳቸው ሳትለይ የኖረች ናት።

ዕድሜያቸው 15 ዓመት ሲሆን በማንቸስተር በማርኬት ስትሪት በሚገኝ ሲኒማ ቤት ፒያኖ እንዲመቱ ተቀጠሩ። በዚያን ጊዜ የሲኒማ ሥዕል ይንቀሳቀስ ነበር እንጂ አይናገርም ነበር። ስለዚህ በየሲኒማ ቤቱ ከመጋረጃው ሥር አንድ ፒያኖ መቺ ተቀምጦ፥ ዓይኑን ወደ ሥዕሉ እያነሣ፥ ፈረስ ሲጋልብ ጣቱን አፍጥኖ፥ እናት ስታለቅስ አዘግሞ፥ ወንበዴ ከበር ኋላ ብቅ ሲል ወፍራሙን የፒያኖ ድምፅ አስተጋብቶ ታሪኩን በሙዚቃ ይተረጕም ነበር። ተመልካቹ ሥዕሉን ያያል፤ ፒያኖ መቺውን የሚያይ ግን የለም። ይሁን እንጂ ይህ ሥራ ለወደፊቱ ተዋናዪት ከትምህርት ቤት የሚቈጠር ነበር። ቃል የሌለውን ፊት በየምሽቱ ሲመለከት የኖረ ሰው፥ ቅንድብ በጥቂቱ ሲነሣ ወይም ከንፈር ሲጠብ ምን ያህል እንደሚናገር ያውቃል። ከ47 ዓመት በኋላ የቴሌቪዢን ካሜራ ፊታቸውን ከቅርብ ባነሣው ጊዜ ይህ ዕውቀት አልጠፋቸውም።

በ1926 ዓ.ም. ወይዘሮ ቫዮሌት ጆርጅ ፔፕሎ ከተባሉ የመንገድ ሥራ ተቋራጭ ጋር በማንቸስተር ካቴድራል ተጋቡ። ጋብቻው ዕድሜ አላገኘም፤ ጥቂት ዓመታት ሳይቈዩ ባላቸው በወጣትነት ሞቱ። ወይዘሮዋም በ30 ዓመታቸው ገደማ መበለት ሆኑ። ልጅ አልወለዱም፤ ሌላ ባልም አላገቡም። በዚያው ዘመን ደግሞ በ1927 ዓ.ም. በአሜሪካ የታየው ድምፅ ያለው ፊልም ወደ እንግሊዝ አገር ተሻግሮ በየሲኒማ ቤቱ የነበሩትን ፒያኖ መቺዎች እንጀራ አሳጣቸው። በጥቂት ዓመታት ውስጥ ትዳራቸውን ሞት፥ የመጀመሪያ ሙያቸውን መኪና ወሰደባቸው ማለት ይቻላል። እሳቸው ግን ፒያኖውን አልዘጉትም።

የራዲዮ ዘመን

የእንግሊዝ የራዲዮ ድርጅት ቢ ቢ ሲ ሥራውን የጀመረው በ1922 ዓ.ም. ሲሆን፥ የማንቸስተር ጣቢያው ከመጀመሪያዎቹ አንዱ ነበር። ወይዘሮ ቫዮሌት ወደዚህ ጣቢያ የገቡት በ1935 ዓ.ም. ነው። ራዲዮ መልክ አይጠይቅም፤ ድምፅ ያለውን ሰው ሁሉ ይቀበላል። እሳቸውም ከአስቂኝ ዘፈን አንሥተው እስከ ኦፔራ ዜማ የማይዘፍኑት አልነበረም። በኋላም በራዲዮ ቴያትር ውስጥ የሸክስፒርንና የሌሎችን ደራስያን ሥራ ተጫወቱ፤ ለሴቶች በሚተላለፈው ፕሮግራምም እንግዳ እየተቀበሉ አነጋገሩ። በልጆች ሰዓት ፕሮግራም ከፒያኖው ፊት ተቀምጠው ስለ ዘፈኑ፥ የሰሜን እንግሊዝ ልጆች አክስት ቫይ ይሏቸው ነበር።

በዚህ ላይ አንድ ነገር ማስታወስ ያስፈልጋል። በእንግሊዝ አገር የአነጋገር ነገር ቀላል ነገር አይደለም። አንድ ሰው አፉን ሲከፍት የተወለደበት አውራጃ፥ የአባቱ ሥራና የተማረበት ትምህርት ቤት ሁሉ ይታወቅበታል። የራዲዮ ዜና ይነበብ የነበረው በደቡብ እንግሊዝ በተማሩት ሰዎች አነጋገር ብቻ ነበር። በ1941 ዓ.ም. ግን ጀርመኖች የዜና አንባቢዎቹን ድምፅ አስመስለው የሐሰት ወሬ እንዳይነዙ በማሰብ፥ ዊልፍሬድ ፒክልስ የተባለ የዮርክሸር ተወላጅ ዜና እንዲያነብ ተደረገ። ጦርነት ላይ ያለው ሕዝብ የፈንጂውን ድምፅ ታግሦ ሲኖር፥ የሰሜኑን አነጋገር በዜና ሰዓት መስማት ግን ብዙውን አድማጭ አላስታገሠውም፤ የቅሬታ ደብዳቤም ጐረፈ። የሰሜን ሰው በራዲዮ ቢያስቅ ይፈቀድለት ነበር፤ ቁም ነገር ሲናገር ግን የሚያምነው አልነበረም።

ጦርነቱ ካለቀ በኋላ በ1946 ዓ.ም. ይኸው ፒክልስ ከከተማ ወደ ከተማ እየዞረ ተራ ሰዎችን ስለ ኑሯቸው የሚጠይቅበትና ትንሽ የገንዘብ ሽልማት የሚሰጥበት ሃቭ ኤ ጎ የተባለ ፕሮግራም ጀመረ። በፒያኖው ላይ የተቀመጡት ወይዘሮ ቫዮሌት ነበሩ። ለጥቂት ዓመታት ከእሱ ጋር በየአዳራሹ ሲዞሩ፥ የማዕድን ሠራተኛው፥ የልብስ አጣቢዋና የፋብሪካው ዘበኛ ታሪካቸውን ሲናገሩ አጠገባቸው ሆነው አዳምጠዋል። የሕዝብን ጠባይ ለማወቅ ከዚህ የበለጠ ቦታ አይገኝም።

ቴሌቪዢን ሲጀመር

አሁን ወደ ቴሌቪዢን እንመለስ። ቢ ቢ ሲ መደበኛ የቴሌቪዢን ፕሮግራም የጀመረው ኖቬምበር 2 ቀን 1936 ዓ.ም. በለንደን ከአሌክሳንድራ ቤተ መንግሥት ነው፤ ቤተ መንግሥት ይባል እንጂ የሕዝብ መናፈሻ አዳራሽ ነበር። በ1939 ዓ.ም. ጦርነቱ ሲቃረብ ተዘጋ፤ በ1946 ዓ.ም. እንደገና ተከፈተ። በ1955 ዓ.ም. ደግሞ በንግድ ማስታወቂያ ገቢ የሚተዳደር ሁለተኛ ቴሌቪዢን ተቋቋመ። ይህ አዲስ ቴሌቪዢን ለየአውራጃው የተለያዩ ኩባንያዎች ስለ ነበሩት፥ የሰሜኑን ክፍል ግራናዳ የተባለው ኩባንያ ወስዶ በ1956 ዓ.ም. ከማንቸስተር ማሰራጨት ጀመረ።

የዚያን ዘመን የቴሌቪዢን ቴያትር እንዴት ይሠራ እንደ ነበረ ለዛሬ ተመልካች መግለጽ ይገባል። ቴያትሩ አስቀድሞ ተቀርጾና ታርሞ የሚታይ አልነበረም። ተዋንያኑ ለብዙ ቀናት ካጠኑ በኋላ በተወሰነው ሰዓት ቀይ መብራት ይበራል፤ ከዚያ በኋላ የሚነገረው ሁሉ በዚያችው ደቂቃ በሚሊዮን ቤት ይታያል። ካሜራዎቹ ከባድ ስለሆኑ በመንኰራኵር ይገፋሉ፤ ገመዳቸው በወለሉ ላይ ይጐተታል። ተዋናዩ የአንዱን ክፍል ጨዋታ ጨርሶ፥ ድምፅ ሳያሰማ በገመዶቹ መካከል ሮጦ፥ ካፖርቱን ለውጦ በሌላው ክፍል ውስጥ ተረጋግቶ ተቀምጦ መገኘት ነበረበት። ቃል ቢጠፋው የሚመልሰው የለም።

አደጋውም የቀልድ አልነበረም። ኖቬምበር 30 ቀን 1958 ዓ.ም. አንደርግራውንድ የተባለ ቴያትር ከማንቸስተር በቀጥታ ሲተላለፍ፥ ጋሬት ጆንስ የተባለ ወጣት ተዋናይ በሁለት ክፍሎች መካከል በልብ ሕመም ወድቆ ሞተ። ባልደረቦቹ የእሱን ቃል እርስ በርሳቸው ተከፋፍለው፥ ታሪኩን እንደ ምንም አስተካክለው እስከ መጨረሻው ተጫወቱ። ተመልካቹ ግን በዚያች ሰዓት ምን እንደ ደረሰ አላወቀም። እንግዲህ በዚህ ሥራ ላይ የሚሰለፍ ሰው ውበት ብቻ ሳይሆን የማይናወጥ ልብም ያስፈልገው ነበር።

እንዲህ ያለው ቴያትር በዋናዎቹ ተዋንያን ብቻ አይቆምም። ቈንጆዪቱንና ጐበዙን ከሚጫወቱት በስተኋላ፥ ጎረቤቲቱን፥ አማቲቱን፥ ቤት አከራዪቱን፥ ነገረኛይቱን የሚጫወቱ አሉ። እነዚህ በመልክ ሳይሆን ጠባይን በማሳየት የሚታወቁ ናቸው፤ የጠባይ ተዋንያን ልንላቸው እንችላለን። ስማቸው በማስታወቂያው ላይ በትንሽ ፊደል ይጻፋል። ቤቱ እውነተኛ ቤት፥ መንደሩም እውነተኛ መንደር የሚመስለው ግን በእነሱ ነው። ወይዘሮ ቫዮሌት ከዚህ ወገን ነበሩ።

የ24 ዓመት ደራሲና የ62 ዓመት ተዋናዪት

በግራናዳ ኩባንያ ውስጥ ቶኒ ዋረን የሚባል አንድ ወጣት ጸሐፊ ነበር። በ1936 ዓ.ም. በሳልፎርድ ከተማ አጠገብ ተወልዶ፥ በልጅነቱ በማንቸስተር ራዲዮ የልጆች ሰዓት ፕሮግራም ተጫውቷል። በዚያን ጊዜ በስቱዲዮው ውስጥ ሲያስቸግር አክስት ቫይ ዝም ካላለ እንደሚመቱት አስጠንቅቀውት ነበር። ልጁ ይህን ቍጣ አልረሳም።

ዋረን በ24 ዓመቱ ስለ አንድ የሰሜን እንግሊዝ ሠራተኞች መንገድ ተከታታይ ቴያትር አዘጋጅቶ አቀረበ። በዚህ ቴያትር ውስጥ ጌታም፥ ነፍሰ ገዳይም፥ የፖሊስ መርማሪም የለም። ሰባት ቤቶች፥ አንድ ሱቅ፥ አንድ መጠጥ ቤትና አንድ የስብከት አዳራሽ አሉ። ሰዎቹ ሻይ ያፈላሉ፤ ይጣላሉ፤ ይታረቃሉ፤ ይሞታሉ። የኩባንያው ሹማምንት ብዙዎቹ ተጠራጠሩ። ሠራተኛውን ሕዝብ ለማሳቂያ ካልሆነ በቀር ማን ይመለከተዋል? የሰሜኑንስ አነጋገር ለንደን እንዴት ይሰማዋል? አሉ። በመጨረሻ ለጥቂት ሳምንታት ያህል ብቻ እንዲሞከር ተፈቀደ።

ተዋንያኑ ሁሉ ሲገኙ ለኤና ሻርፕልስ የምትሆን ሴት ጠፋች። ኤና የስብከቱ አዳራሽ ጠባቂ፥ ባልዋ የሞተባት፥ መጽሐፍ ቅዱስ በአንድ እጇ፥ የሰው ስም በአፏ ይዛ የምትዞር ባልቴት ናት። ብዙ ሴቶች ተፈተኑ፤ አንዷም አልሆነችም። ነገሩ ተስፋ ሊቈረጥበት ሲል ዋረን ያን የልጅነቱን ቍጣ አስታወሰ። ወይዘሮ ቫዮሌት ተጠሩ። ጽሑፉን ባነበቡ ጊዜ ሴትዮዋን ለማወቅ አልተቸገሩም፤ እንደ እሷ ካሉ ባልቴቶች አጠገብ ነበርና ያደጉት። ክፍሉ ተሰጣቸው።

የመጀመሪያው ጨዋታ ዲሴምበር 9 ቀን 1960 ዓ.ም. ዓርብ ማታ በቀጥታ ተላለፈ። መንገዱ የተሠራው በስቱዲዮው ውስጥ ሲሆን፥ የድንጋዩ ንጣፍ በወለሉ ላይ በቀለም የተሣለ ነበር። በዚያ ማታ ኤና ወደ መንደሩ ሱቅ ገብታ አዲሲቱን ባለሱቅ ትመረምራለች። ኬክ እየመረጠች ባልዋ በሕይወት ስለ መኖሩና ስለምትጸልይበት ቤት ትጠይቃታለች። በጥቂት ደቂቃ ውስጥ ባለሱቋ ከኬክ ሻጭነት ወደ ተከሳሽነት ተለወጠች። ጠጕሯን በመረብ አስራ፥ ካፖርቷን እስከ አንገቷ ቈልፋ፥ አገጯን ወደ ፊት ሰጥታ የቆመችው ሴት ለእንግሊዝ ሕዝብ እንግዳ አልሆነችበትም። እያንዳንዱ ተመልካች ከሰፈሩ ባልቴቶች አንዷን አስታወሰ።

በዚያው ጨዋታ ሌላ ለወጣቶች የሚሆን ነገር ነበረ። የፖስታ ቤት ሠራተኛው ልጅ ኬን ባርሎ የዩኒቨርሲቲ ተማሪ ሆኖ ወደ ቤቱ ሲመለስ፥ አባቱ በማዕድ ላይ በሚበላበት አኳኋን ያፍራል። አባትየው ልጁ በዓይኑ እንደ ናቀው ያውቃል። ከድኻ ቤት ወጥቶ ትምህርት ያገኘ ወጣት የወላጆቹን ማዕድ በምን ዓይን ይመለከት? ይህ ጥያቄ የእንግሊዝ ተማሪ ብቻ አይደለም። ኤና ሻርፕልስ ለዚህ ዓይነቱ ኵራት ትዕግሥት አልነበራትም። ማንም ከመንገዱ ወጥቶ ቢማር፥ ቢበለጽግ፥ ቢያጌጥ የማን ልጅ እንደሆነ ከመናገር አትቈጠብም።

በመጀመሪያው ሰሞን አንዳንድ የጋዜጣ ሐያስያን ቴያትሩ ቀኑ አጭር መሆኑን ተንብየው ነበር። ሕዝቡ ግን ሌላ ፈረደ። በ1961 ዓ.ም. ቴያትሩ በአገሩ ሁሉ ይታይ ጀመር፤ ብዙም ሳይቈይ ከፕሮግራሞች ሁሉ በተመልካች ብዛት ቀደመ። በ1960ዎቹ ዓመታት መካከል የተመልካቹ ቍጥር ከ20 ሚሊዮን በላይ የደረሰበት ጊዜ ነበረ። በዚያው በ1961 ዓ.ም. መጸው ወራት ወይዘሮ ቫዮሌት ብላክፑል በተባለችው የባሕር ዳር ከተማ የሚደረገውን ታላቅ የመብራት በዓል እንዲከፍቱ ተጋበዙ። ለፒያኖ መቺነት ይህ ክብር አልተሰጣቸውም ነበር።

ከኖቬምበር 1961 እስከ ኤፕሪል 1962 ዓ.ም. ድረስ የተዋንያን ማኅበር ለደመወዝ ጭማሪ ከንግድ ቴሌቪዢን ኩባንያዎች ጋር ተጣልቶ ሥራ አቆመ። በረጅም ውል የታሰሩት ጥቂት ተዋንያን ብቻ እንዲሠሩ ስለ ተፈቀደ፥ መንገዱ ፖስታ አዳይም፥ ወተት ሻጭም፥ አላፊ አግዳሚም የሌለበት ሆነ። እነዚያ ጥቂቶች፥ ከመካከላቸውም ወይዘሮ ቫዮሌት፥ ቴያትሩን ለአምስት ወር ያህል በትከሻቸው ተሸከሙት።

ሦስቱ ባልቴቶች

ከኤና ጨዋታ ሁሉ ሕዝቡ የወደደው በመጠጥ ቤቱ ጠባብ ክፍል ውስጥ ከሁለት ጓደኞቿ ጋር የምትቀመጥበትን ነው። አንደኛዋ የዋህዋ ሚኒ ኮልድዌል፥ ሁለተኛዋ ወሬ ወዳዷ ማርታ ሎንግኸርስት ናቸው። ሦስቱም በፊታቸው ጥቁር ቢራ አስቀምጠው የመንደሩን ሰው በየተራ ይዳኛሉ። ኤና ትናገራለች፤ ማርታ ትቀጥላለች፤ ሚኒ ደግሞ ነገሩ ሁሉ ካለፈ በኋላ አንድ የዋህ ቃል ጣል አድርጋ ሁለቱንም ታስቆጣለች። ይህ ጨዋታ እንደ ሙዚቃ ልክ የሚጠይቅ ነበር። ወይዘሮ ቫዮሌት የሙዚቃ ሰው ስለሆኑ የት መፍጠን፥ የት ማረፍ እንደሚገባ ያውቁ ነበር። በስብከቱ አዳራሽ ኤና ሃርሞኒየም ስትመታ የሚሰማውም የእሳቸው የራሳቸው እጅ ነው።

በ1964 ዓ.ም. የቴያትሩ አዘጋጆች ማርታ እንድትሞት ወሰኑ። በዚያች በለመደችው ጠባብ ክፍል፥ የመጠጥ ቤቱ እንግዶች ሲዘፍኑ፥ ብቻዋን ተቀምጣ ሞተች። ሕዝቡ የቅርብ ዘመድ እንደ ሞተበት ሁሉ አዘነ። ኤናም ከዚያ ቀን ጀምሮ ብዙ ትሰድባት የነበረችውን ጓደኛዋን ወንበር ባዶ አየችው። የጠባይ ተዋናዪት ችሎታ የሚለካው በእንዲህ ያለው ጊዜ ነው፤ ተመልካች ሲፈራት የኖረውን ሴት ቃል ሳትናገር እንዲያዝንላት ማድረግ።

ኤና ክፉ ሴት ብቻ ብትሆን ኖሮ ሃያ ዓመት የሚመለከታት ባልተገኘም ነበር። ምላሷ የሰላ ነው፤ ነገር ግን በችግር ቀን ከሁሉ ቀድማ የምትገኘው እሷ ናት። የሰውን ገመና ታወጣለች፤ የራሷን ብቸኝነት ግን ለማንም አታሳይም። ወይዘሮ ቫዮሌት ይህን ሁለተኛውን ክፍል በጥንቃቄ ይዘውት ኖሩ። በወጣትነታቸው መበለት የሆኑ ሰው የብቸኝነትን ነገር ከማንም መማር አላስፈለጋቸውም።

የዝና ዋጋ

ከስቱዲዮ ውጭ ወይዘሮ ቫዮሌት ሌላ ሰው ነበሩ። ነጭ ጠጕራቸውን አሳምረው ይሠራሉ፤ አለባበሳቸው የተጣራ ነው፤ በብላክፑል አጠገብ ቢስፓም በተባለ ስፍራ ከእኅታቸው ከኔሊ ጋር ይኖራሉ፤ በአትክልታቸውም ጽጌረዳ ይተክላሉ። ሕዝቡ ግን ይህችን ሴት ሊያያት አልፈለገም። በመንገድ ላይ ሲያገኛቸው በኤና ስም ይጠራቸዋል፤ የሚጽፍላቸውም ለኤና ነው። ተመልካቹ የጠጕር መረቡን ፈለገ። እሳቸውም ኤና ቫዮሌት ካርሰንን እንዳጠፋቻት ሲናገሩ ተሰምተዋል።

ነገሩ በቀላል የሚታይ አይደለም። ከአርባ ዓመት በላይ የሠሩት የሙዚቃና የራዲዮ ሥራ፥ የኦፔራው ዜማ፥ የሸክስፒሩ ቃል፥ የልጆቹ ዘፈን ሁሉ በአንዲት መረብ ሥር ተሸፈነ። በሌላ በኩል ደግሞ ያ ሁሉ ሥራ ባይቀድም ኖሮ ኤና ልትፈጠር አትችልም ነበር። ሲኒማ ቤቱ የፊትን ቋንቋ፥ ራዲዮው የድምፅን ኀይል፥ የፒክልስ ጉዞ የተራውን ሰው ጠባይ አስተምሯቸዋል። ስለዚህ ኤና የዚያን ሁሉ ዓመት ድካም በላች ከማለት ይልቅ፥ ድካሙ በኤና ውስጥ ተከማችቶ ታየ ማለት ወደ እውነቱ የቀረበ ይመስለናል። ባለቤቲቱ ግን በዚህ ሂሳብ ሁልጊዜ እንዳልተጽናኑ ግልጽ ነው፤ ልናስገድዳቸውም አይገባንም። ለአገር የሚጠቅም ሥራ ሠሪውን ሁልጊዜ አያስደስተውም።

ክብር ግን አልጐደለባቸውም። በ1964 ዓ.ም. መግሬዲ የተባሉት የሰሜን አየርላንድ የታወቁ የጽጌረዳ አራቢዎች አንድ አዲስ ጽጌረዳ በስማቸው ሰየሙላቸው። አበባው ለስላሳ፥ ቀለሙም የኮክ ፍሬ የመሰለ ሮዝ ነው፤ በኤና ሻርፕልስ ስም ሳይሆን በቫዮሌት ካርሰን ስም በመጠራቱ ደስ ሳይላቸው አልቀረም። በ1965 ዓ.ም. ንግሥት ኤልሣቤጥ የብሪታንያ ኢምፓየር ትእዛዝ ኒሻን ሸለሟቸው። በ1973 ዓ.ም. የማንቸስተር ዩኒቨርሲቲ የክብር የማስትሬት ማዕርግ ሰጣቸው። በዚያው ዘመን በእሑድ ምሽት በሚታይ የመዝሙር ፕሮግራም ላይ ያለ መረብና ያለ ካፖርት ቀርበው ይዘምሩ ነበር። ብዙ ተመልካች ኤና ሻርፕልስ መዘመር መቻልዋን አይቶ ተደነቀ፤ እውነቱ ግን የዘፋኟ ሴት ኤናን መጫወት መቻል ነበር።

የመጨረሻው ዘመን

ከ1970ዎቹ መጀመሪያ አንሥቶ ጤንነታቸው እየደከመ ሄደ። ከቴያትሩ ለብዙ ወራት የሚለዩበት ጊዜ በዛ። እነዚያ ግድግዳ ለግድግዳ የተያያዙት የሠራተኞች ቤቶችም በዚሁ ዘመን በማንቸስተርና በሳልፎርድ እየፈረሱ፥ ነዋሪዎቹ ወደ ረጃጅም ፎቆች ይዛወሩ ነበር። በቴያትሩ ውስጥም የኤና የስብከት አዳራሽ በ1968 ዓ.ም. እንዲፈርስ ተደርጓል። ባልቴቶቹ ከደጃፋቸው ላይ መንገዱን የሚጠብቁበት ኑሮ በእውነተኛው ከተማ ሲጠፋ፥ በቴሌቪዢን ብቻ ቀረ።

ወይዘሮ ቫዮሌት ለመጨረሻ ጊዜ በኮሮኔሽን ስትሪት የታዩት በ1980 ዓ.ም. በ81 ዓመታቸው ነው። ኤና ወደ ሌላ ከተማ እንደ ሄደች ተደረገ እንጂ ሞተች አልተባለችም። ዲሴምበር 26 ቀን 1983 ዓ.ም. ግን ወይዘሮ ቫዮሌት ካርሰን በቢስፓም በሚገኘው ቤታቸው በ85 ዓመታቸው ዐረፉ። በተከታዩ ዓመት በማንቸስተር ካቴድራል፥ በ1926 ዓ.ም. ሙሽራ ሆነው በገቡበት ቤተ ክርስቲያን፥ የመታሰቢያ ጸሎት ተደረገላቸው።

ለጥቂት ሳምንታት ይሞከር የተባለው ቴያትር በ2010 ዓ.ም. የ50 ዓመት በዓሉን ሲያከብር በዓለም ላይ ረጅም ዕድሜ ያገኘ የቴሌቪዢን ተከታታይ ቴያትር ተብሎ ተመዘገበ። ከዚያ ወዲህ ብዙ ብርቱ ሴቶች በዚያ መንገድ ላይ ቆመው ተናግረዋል፤ የሁሉም እናት ግን ኤና ሻርፕልስ ናት። ዛሬ የሰሜን እንግሊዝ አነጋገር በቴያትርም ሆነ በዜና ቢሰማ የሚደነቅ የለም። ይህን ለውጥ ያመጣው አንድ ሰው አይደለም፤ ቢሆንም ሚሊዮን ሕዝብ የሰሜኗን ባልቴት ሊስቅባት ሳይሆን ሊሰማት እንዲቀመጥ በማድረግ የወይዘሮ ቫዮሌት ድርሻ ትንሽ አልነበረም።

በትምህርት ቤት ወይም በመሥሪያ ቤት ሥራቸውን የሚጀምሩ ወጣቶች ከዚህ ታሪክ የሚወስዱት ነገር አለ። ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳል እንደሚባለው፥ ማንም ሳያያቸው ከመጋረጃው ሥር ፒያኖ የመቱባቸው ዓመታት ከንቱ አልሆኑም። በትንሽ ፊደል የሚጻፍ ስም በታማኝነት ከተሠራበት ትልቁን ሥራ ይሸከማል። ዝናው ሲመጣ ግን የሰውየውን እውነተኛ ስም ይዞ እንደሚመጣ ማንም ዋስ ሊሆን አይችልም። ስለዚህ ዕለት ዕለት የሚሠራው ሥራ በራሱ የሚወደድ መሆን አለበት። ወይዘሮ ቫዮሌት ካርሰን ሕዝቡ የጠራቸውን ስም ባይወዱትም፥ ቀዩ መብራት በበራ ቍጥር የጠጕር መረባቸውን አስረው በሰዓቱ በቦታቸው ተገኝተዋል።